የአሜሪካ ሉተራኖችና የቋንቋ ጣጣቸው

(በአሜሪካ ከሚኖሩ ኢትዮጵያውያን ወላጆችና ወጣቶች ጋር በተደረገ ስብሰባ ላይ ከቀረበ ንግግር የተጻፈ። ዓመቶቹ በሙሉ በፈረንጆች አቆጣጠር ናቸው።)

እንደምን ዋላችሁ። ዛሬ የምናወራው ስለ አሜሪካ ሉተራኖች፣ የማርቲን ሉተርን ትምህርት ስለሚከተሉት ፕሮቴስታንቶች ነው። በቅድሚያ አንድ ነገር እንግባባ። "የአሜሪካ ሉተራን ቤተ ክርስቲያን" ተብሎ ሁሉንም በአንድ ጣራ ሥር የሰበሰበ ነገር በታሪክ ኖሮ አያውቅም። ጀርመኑ የራሱ ነበረው፤ ስዊድኑ የራሱ፤ ዴንማርኩ የራሱ፤ ፊንላንዱም የራሱ። ኖርዌዮችማ ለብቻቸው ስንት ቦታ ተከፋፍለው ነበር! አንድ ትንሽ መንደር ውስጥ ሁለት የኖርዌይ ሉተራን ቤተ ክርስቲያን ተፋጦ ይቆማል፤ የአንዱ አባል የሌላውን ደጅ አይረግጥም።

ሲኖዶሶቹን፣ ማለትም የማኅበረ ምእመናኑን ኅብረቶች፣ በስም በስማቸው እየጠራሁ ብዘረዝር እንቅልፍ ይወስዳችኋል። ስለዚህ አንድ ነገር ብቻ ይዤ ልሂድ፤ ቋንቋን። እነዚህ ሰዎች በትምህርተ ሃይማኖት ተጣልተዋል፣ በባርነት ጉዳይ ተጣልተዋል፣ ማን ቄስ ይሁን በሚለውም ተጣልተዋል። ልጆቻቸውን ያሳጣቸው ግን የቋንቋው ጠብ ነው ባይ ነኝ። እኛም ቤተ ክርስቲያን ተክለን፣ ልጆቻችን ኋላ ወንበር ላይ ስልክ እየነካኩ የአማርኛው ስብከት እስኪያልቅ የሚጠብቁበት ጊዜ ላይ ነን። ነገሩ ሩቅ አይደለም።

ከደላዌር እንነሳ። በ1638 ስዊድናውያን ዛሬ ዊልሚንግተን በምትባለው ከተማ፣ ወንዝ ዳር፣ ፎርት ክርስቲና የተባለ ምሽግ ሠሩ። ቅኝ ግዛቱ ብዙ አልቆየም። በ1655 ሆላንዶች ወሰዱት፤ ከእነሱ ደግሞ በ1664 እንግሊዞች ነጠቁት። ሰዎቹ ግን የትም አልሄዱም። መሬታቸውን እያረሱ፣ በስዊድንኛ እየጸለዩ እዚያው ቀሩ። ቄስ ሲያጡ ወደ አገር ቤት ጻፉ፤ የስዊድን ንጉሥም ቄሶችና መጻሕፍት ላከላቸው። በ1697 በደረሱት ቄሶች ዘመን ሁለት ቤተ ክርስቲያን ተሠራ። አንደኛው በዊልሚንግተን በ1699 የተመረቀው ቅድስት ሥላሴ ነው። ሁለተኛው በፊላደልፊያ በ1700 የተመረቀው ግሎሪያ ዴይ ነው። ሁለቱም ዛሬም ቆመዋል፤ ሄዳችሁ ማየት ትችላላችሁ።

ሉተራን ግን አይደሉም። አሁን የኤጲስቆጶሳዊት ቤተ ክርስቲያን ናቸው፤ ከእንግሊዝ ቤተ ክርስቲያን የወጣችው የአሜሪካ ቅርንጫፍ ማለት ነው። ማንም በጉልበት አልነጠቃቸውም። ስዊድን ለረጅም ዘመን ቄስ ስትልክ ኖረች። በዚህ መሃል የልጅ ልጆቹ እንግሊዝኛ ብቻ የሚያውቁ ሆኑ። ቄሶቹም በእንግሊዝኛ መስበክ ጀመሩ፤ ከጎረቤት አንግሊካኖችም ጋር ተዋደዱ። አሜሪካ ነጻ ስትወጣ ስዊድን እጇን ሰበሰበች። ያኔ በእንግሊዝኛ የሚያስተምር ሉተራን ቄስ ከየት ይምጣ? በአካባቢው የነበሩት ሉተራን ቄሶች ከሞላ ጎደል ጀርመንኛ ተናጋሪ ናቸው። የመጨረሻው ስዊድናዊ ቄስ ኒኮላስ ኮሊን በ1831 ሞተ፤ ግሎሪያ ዴይ በ1845 ጠቅልሎ ወደ ኤጲስቆጶሳዊው ገባ።

ብዙ ሰው ይህን ታሪክ ሲሰማ "አያችሁ፣ ቋንቋቸውን ጣሉ፣ ቤተ ክርስቲያናቸውንም አጡ" ይላል። እኔ አይመስለኝም። ቋንቋው መሄዱ አይቀርም ነበር። የጠፋው በአዲሱ ቋንቋ የእነሱን እምነት የሚያስተምር ሰው ነው። ይህን ያዙልኝ።

ኒውዮርክን በአጭሩ ልለፈው። ሆላንዶቹ በሚያስተዳድሩበት ዘመን ገዢው ፒተር ስታይቨሰንት ከካልቪን ቤተ ክርስቲያን ውጭ ሌላ አምልኮ ማየት አይፈልግም ነበር። በ1657 ለሉተራኖቹ ዮሐንስ ጉትቫሰር የሚባል ቄስ ከአምስተርዳም መጣላቸው። ስታይቨሰንት ግን በ1659 ጠርዞ ወደ መጣበት መለሰው። እንግሊዞች ከተማዋን ሲይዙ ሉተራኖቹ እፎይ አሉ።

አሁን ወደ ዋናው ሰውዬ እንምጣ፤ ሄንሪ ሜልኪዮር ሙሌንበርግ። ከጀርመን አገር፣ ከሃሌ ተልኮ በ1742 ፊላደልፊያ ሲገባ ዕድሜው 31 ነበር። ቄስ ላኩልን ያሉት ሦስት ማኅበረ ምእመናን ናቸው፤ ፊላደልፊያ፣ ኒው ሃኖቨርና ትራፕ። ሲደርስ ቦታው ተይዞ አገኘው። ሞራቪያኖች የሚባሉት ሌላ የፕሮቴስታንት ማኅበር መሪ የነበረው ባላባት ዚንዘንዶርፍ ራሱን የከተማዋ ሉተራኖች ቄስ አድርጎ ቁጭ ብሏል። ሙሌንበርግ የሹመት ወረቀቱን አወጣ፤ ተጨቃጨቁ፤ በመጨረሻ ዚንዘንዶርፍ አገሩን ለቆ ሄደ። ሙሌንበርግ ከዚያ በኋላ ዕድሜውን የፈጀው በፈረስ ጀርባ ነው ማለት ይቻላል። ደመወዙ ትንሽ፣ መንገዱ ጭቃ፣ ምእመኑ ደግሞ አንዱ ከአንዱ የተጣላ። በትራፕ በ1743 የተሠራው የድንጋይ ቤተ ክርስቲያን እስካሁን አለ፤ እሱም ከጀርባው ተቀብሯል። በ1748 አሜሪካ ውስጥ ለረጅም ጊዜ የዘለቀውን የመጀመሪያውን ሲኖዶስ፣ የፔንሲልቬንያ ሚኒስቴሪየምን፣ አቋቋመ።

እኔ ይህን ሰው የምወድለት አንድ ነገር አለ። ኒውዮርክ ሄዶ ሲያገለግል በጀርመንኛ፣ በሆላንድኛና በእንግሊዝኛ ይሰብክ ነበር። "መጀመሪያ ጀርመንኛ ተማሩ፣ ከዚያ ወንጌል እነግራችኋለሁ" አላለም።

ልጆቹ ደግሞ አገር የሚያውቃቸው ሆኑ። ፒተር ቄስነቱን ትቶ በነጻነት ጦርነት ጄኔራል ሆነ። ፍሬድሪክም እንዲሁ ከቄስነት ወደ ፖለቲካ ገባና በ1789 የአሜሪካ ተወካዮች ምክር ቤት የመጀመሪያው አፈ ጉባኤ ሆነ። ጀርመንኛ በአንድ ድምፅ ተሸንፎ ነው እንጂ የአሜሪካ ብሔራዊ ቋንቋ ሊሆን ነበር፣ ያከሸፈውም ይኸው ፍሬድሪክ ነው የሚል ወሬ ሰምታችሁ ይሆናል። ወሬ ነው፤ እንዲህ ያለ ድምፅ ተሰጥቶ አያውቅም። ከቨርጂኒያ የመጡ ጀርመኖች ሕጎች በጀርመንኛም ይታተሙልን ብለው ማመልከታቸውና በ1795 ምክር ቤቱ በጉዳዩ ላይ መነጋገሩ ግን እውነት ነው። በጉዳዩ ላይ የተሰጠ አንድ የሥነ ሥርዓት ድምፅ በአንድ ሰው ልዩነት ስላለቀ፣ ሰው ቀባብቶ ተረት አደረገው።

ጉዱ የሚመጣው አባትየው ከሞተ በኋላ ነው። ፊላደልፊያ ውስጥ ጽዮን የሚባል ትልቅ የጀርመን ሉተራን ቤተ ክርስቲያን ነበር። ከመተለቁ የተነሳ ጆርጅ ዋሽንግተን በ1799 ሲሞት የአገሪቱ ምክር ቤት የመታሰቢያውን ሥነ ሥርዓት ያደረገው እዚያ ነው። የሐዘን ንግግሩ በእንግሊዝኛ ተደረገ፤ ማንም አልተቆጣም። ጥቂት ዓመት ቆይቶ የዚያው ማኅበር ወጣቶች "እኛ ጀርመንኛው አይገባንም፤ ከጀርመንኛው ጎን አንድ እንግሊዝኛ የሚሰብክ ቄስ ይቀጠርልን" ሲሉ ግን ቤቱ ተናወጠ። የእንግሊዝኛውን ወገን የመራው ማን መሰላችሁ? ጄኔራሉ፣ የሙሌንበርግ ልጅ ፒተር። ድምፅ ተሰጠ፣ ተቆጠረ፣ ተሸነፉ። በ1806 ወጥተው ቅዱስ ዮሐንስ የሚባል የእንግሊዝኛ ሉተራን ቤተ ክርስቲያን መሠረቱ። አባትየው የመሠረተው ሚኒስቴሪየም ደግሞ በ1805 ይህ ጉባኤ ጀርመንኛ ተናጋሪ ሆኖ ይቀራል ብሎ ወስኖ ነበር።

ይህም ሳይብስ አይቀርም፤ የኒውዮርኩን ስሙ። እዚያ ያለው ሲኖዶስ በ1797 የወሰነው ሲጨመቅ እንዲህ ነው። ሰዎች ኤጲስቆጶሳዊ ቤተ ክርስቲያን ሄደው ማምለክ በሚችሉበት ቦታ ሁሉ፣ አዲስ የእንግሊዝኛ ሉተራን ቤተ ክርስቲያን ቢቋቋም እውቅና አንሰጥም። እስቲ አስቡት! ልጆቻችን እንግሊዝኛ ከመረጡ ጎረቤት ይውሰዳቸው ማለት እኮ ነው። ከአሥር ዓመት በኋላ ሲኖዶሱ ራሱ ወደ እንግሊዝኛ ተሻገረ፤ የሄደው ግን ሄዷል።

ለጀርመንኛዎቹ ወገን ፍትሐዊ ልሁን። ፍርሃታቸው ባዶ አልነበረም። ሳሙኤል ሳይመን ሽሙከር የሚባል ብርቱ ሰው ተነሳ። አሜሪካ ተወልዶ ያደገ ነው። በ1826 ጌቲስበርግ ላይ ሴሚናሪ ከፈተ። በእንግሊዝኛ የሚያስተምሩ ሉተራን ቄሶችን ለማፍራት ከማንም በላይ የደከመ ሰው ነው። (በ1863 ያ ሁሉ ደም የፈሰሰበት የእርስ በርስ ጦርነቱ የጌቲስበርግ ውጊያ የተጀመረው በዚሁ ሴሚናሪ አካባቢ ነው፤ ሕንጻው የቁስለኛ ማቆያ ሆኖ ነበር።) ነገር ግን ሽሙከር በ1855 የሉተራኖች ዋና የእምነት ሰነድ የሆነውን የአውግስበርግን የእምነት መግለጫ ራሱን ለአሜሪካ እንዲስማማ "ላርመው" አለ። ስለ ጥምቀትና ስለ ቅዱስ ቁርባን የሚናገሩትን የማይመቹ ቦታዎች ቀነሰ። ያኔ አዲስ የመጡት ስደተኞች "እንግሊዝኛ የገባበት ቤት መጨረሻው ይኼው ነው" አሉ። ሽሙከር ስለ ቋንቋው ልክ ነበር፤ ስለ እምነቱ ግን ተሳስቷል እላለሁ። ሁለቱን አንድ ላይ በማሰሩ ተቃዋሚዎቹን ስንቅ አስያዛቸው።

አንድ ታሪክ ሳልነግራችሁ ከዚህ ዘመን ባልፍ ቅር ይለኛል። ከቋንቋ ጋር አይያያዝም። ጂሁ ጆንስ የሚባል ሰው ነበር፤ በሳውዝ ካሮላይና፣ ቻርልስተን የተወለደ ነጻ ጥቁር። በከተማው የሉተራን ቤተ ክርስቲያን አባል ነበር። ላይቤሪያ ሄዶ ወንጌል ይስበክ ተባለና ኒውዮርክ ድረስ ሄዶ በ1832 ቄስ ሆነ፤ በአሜሪካ የመጀመሪያው ጥቁር ሉተራን ቄስ ነው። ቻርልስተን ሲመለስ አሰሩት። ከግዛቱ የወጣ ነጻ ጥቁር ተመልሶ እንዳይገባ የሚከለክል ሕግ ነበራ! ላይቤሪያም ሳይሄድ ቀረ። ፊላደልፊያ ገብቶ ለጥቁሮች ቅዱስ ጳውሎስ የሚባል ቤተ ክርስቲያን አሠራ። ዕዳው ግን አልተከፈለም፤ ሕንጻው በ1839 በሐራጅ ተሸጠ። በዚያው ዓመት ዳንኤል ፔይን የሚባል ሌላ ጥቁር፣ ጌቲስበርግ ሴሚናሪ የተማረ፣ ባርነትን አጥብቆ በሚቃወም አንድ ትንሽ የኒውዮርክ ሲኖዶስ ተሾመ። ሉተራኖቹ የሚያገለግልበት ቦታ አልሰጡትም። ወደ አፍሪካን ሜቶዲስት ቤተ ክርስቲያን ሄደና እዚያ ጳጳስ ሆነ፤ የዊልበርፎርስ ዩኒቨርሲቲም ፕሬዚዳንት ሆነ። በ2014 ፒው የተባለው የጥናት ተቋም ባካሄደው ጥናት ከአሜሪካ ትልቋ የሉተራን ቤተ ክርስቲያን አባላት 96 በመቶው ነጭ ነበሩ። ለምን ቢሉ፣ ፔይንን የመሰለ ሰው ከቤት ሲወጣ ዝም ተብሎ ነዋ።

ወደ ጀርመኖቹ ልመለስ። በ1838 መጨረሻ ከሳክሶኒ ወደ 700 የሚጠጉ ሰዎች በአምስት መርከብ ተሳፍረው ተነሱ። አንዷ መርከብ አማሊያ ባሕር ላይ ጠፋች፤ ከነሰዎቿ። መሪያቸው ማርቲን ስቴፋን የሚባል ዝነኛ ሰባኪ ነው። አገር ቤት ያለችው ቤተ ክርስቲያን እምነቷን አቀጥናለች ብለው ነው የወጡት። ገንዘባቸውን በአንድ ካዝና አዋጡ። ስቴፋን ገና መርከብ ላይ ሳለ ጳጳስ ተባለ። በኒው ኦርሊንስ ገብተው፣ ሚሲሲፒን ሽቅብ ወጥተው፣ ሚዙሪ ውስጥ ፔሪ ካውንቲ ጫካ ውስጥ መሬት ገዙ። ብዙም ሳይቆይ የስቴፋን ጉድ ፈነዳ፤ በሴቶች ጉዳይና በገንዘቡ ተከሰሰ። በግንቦት 1839 ከሹመቱ አወረዱትና በጀልባ ወንዙን አሻግረው ኢሊኖይ ዳርቻ ላይ ጣሉት።

እነዚህ ሰዎች ምን ላይ እንደወደቁ አስቡ። አገር ጥለው መጥተዋል፣ ገንዘቡ አልቋል፣ በሽታው እየጨረሳቸው ነው፣ ጳጳሱም ቀጣፊ ሆኖ ተገኘ። ቀጣዩ ጥያቄ "ለመሆኑ እኛ ቤተ ክርስቲያን ነን ወይ? ቄሶቻችን ቄስ ናቸው? ወይስ ዕቃ ጠቅልለን እንመለስ?" የሚል ሆነ። በሚያዝያ 1841 አልተንበርግ በምትባል መንደር የአደባባይ ክርክር አደረጉ። ካርል ዋልተር፣ የ29 ዓመት ወጣት ቄስ፣ ቆሞ ተከራከረ። ቤተ ክርስቲያንን ቤተ ክርስቲያን የሚያደርጋት ወንጌሉና ምሥጢራቱ እንጂ ጳጳሱ አይደለም አለ። ሰው ልቡ ተመለሰ። በ1847 ቺካጎ ላይ የሚዙሪ ሲኖዶስ ተመሠረተ፤ የመጀመሪያው ፕሬዚዳንትም ዋልተር ነው። በጳጳስ የተቃጠለ ሕዝብ ስለሆነ ሥልጣኑን ለማኅበረ ምእመናኑ ሰጠ፤ ሲኖዶሱ አማካሪ ነው። በየቤተ ክርስቲያኑ ጎን ትምህርት ቤት ተሠራ፤ ልጁ ካቴኪዝሙን፣ የእምነቱን መማሪያ ጥያቄና መልስ፣ በጀርመንኛ ይማራል። ለእንግሊዝኛ ግን በሩ አልተከፈተም። በ1887 እንግሊዝኛ ተናጋሪ ማኅበራት እንግባ ብለው ሲጠይቁ፣ የራሳችሁን ሲኖዶስ አቋቁሙ ተባሉ። የተቀበሏቸው በ1911 ነው።

ከዚያ አንደኛው የዓለም ጦርነት መጣ። አሜሪካ በ1917 ከጀርመን ጋር ጦርነት ገባች፤ ጀርመንኛ የሚናገር ሁሉ ሰላይ መሰለ። አዮዋ ውስጥ ገዢው ዊልያም ሃርዲንግ በግንቦት 1918 አዋጅ አወጣ። በትምህርት ቤት፣ በአደባባይ፣ በባቡር፣ በስልክ ከእንግሊዝኛ በቀር ሌላ ቋንቋ አይነገርም። በቤተ ክርስቲያንም ቢሆን እንግሊዝኛ የማይገባው ቤቱ ይጸልይ። ስልክ ላይ በሌላ ቋንቋ ማውራት ክልክል! አዋጁ ጀርመንኛን ለይቶ አልጠራም፤ ኖርዌዩም፣ ዴንማርኩም አብሮ ተመታ።

ነብራስካ በ1919 ልጅ ስምንተኛ ክፍል ሳይጨርስ የውጭ ቋንቋ እንዳይማር በሕግ ከለከለች። ሃምፕተን የምትባል የገጠር ከተማ አካባቢ ጽዮን የሚባል የሉተራን ትምህርት ቤት አለ። መምህሩ ሮበርት ሜየር ነው። ቤተ ክርስቲያኑ መላ ዘየደ፤ የምሳ እረፍቱን በግማሽ ሰዓት አስረዘመና በዚያች ሰዓት የመጽሐፍ ቅዱስ ታሪክ በጀርመንኛ ይነበባል። ትምህርት አይደለም፣ እረፍት ነው እንግዲህ። በግንቦት 25 ቀን 1920 የካውንቲው ዓቃቤ ሕግ ክፍሉ ውስጥ ከች አለ። ሜየር ቶሎ ብሎ ወደ እንግሊዝኛ ቢያዞረው ነገሩ እዚያው ይቀር ነበር። አላዞረም። የ10 ዓመቱን ልጅ ማስነበቡን ቀጠለ። 25 ዶላር ተቀጣ። በዛሬ ዓይን ሳንቲም ናት፤ እሱ ግን አልከፍልም አለ። ጉዳዩ እስከ ዋሽንግተን ሄደ። በ1923 ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ 7 ለ 2 ፈረደለት። ወላጅ ልጁን የሚያስተምርበትን የመምረጥ መብት አለው ተባለ። ዛሬ በዚህ አገር ስለ ወላጅ መብት ፍርድ ቤት ሲከራከሩ የሚጠቅሱት ይህንኑ ጉዳይ ነው። ልጆቻችሁን ቅዳሜ ቅዳሜ አማርኛ ስታስተምሩ ማንም የማይጠይቃችሁ፣ በከፊል ያ የገጠር መምህር አልከፍልም ስላለ ነው።

የሚገርመው ግን ሜየር ክሱን አሸነፈ፣ ጀርመንኛው ግን አልተረፈም። በ1917 የሚዙሪ ሲኖዶስ "የጀርመን" የሚለውን ከስሙ ላይ አነሳ። በየቦታው መጀመሪያ በወር አንዴ እንግሊዝኛ ገባ፤ ከዚያ በየሳምንቱ፤ ከዚያ ጀርመንኛው ጠዋት ለሽማግሌዎች ብቻ ቀረ፤ ሽማግሌዎቹም አለቁ። ኖርዌዮቹም በ1946 "የኖርዌይ" የሚለውን ከስማቸው አወጡ። ቋንቋው ሲሄድ የቀረው ምግቡ ነው። ሚኒሶታ ያላችሁ ታውቃላችሁ፤ በኅዳርና በታኅሣሥ ቤተ ክርስቲያኖቹ ሉተፊስክ ያበላሉ። የደረቀ ዓሣ በአመድ ውሃ ዓይነት ኬሚካል ነክረው እንደ ጄሊ የሚያደርጉት ነገር ነው። ሽታውን ለጠላትም አልመኝ። አንድ ቃል ኖርዌይኛ የማያውቅ ሰው ግን ተሰልፎ ይበላዋል።

ከዚያ ወዲህ ያለውን ቶሎ ቶሎ ልበል። ቋንቋው አንድ ሲሆን መዋሃድ ቀለለ፤ በ1960 አንድ ትልቅ ውሕደት፣ በ1962 ሌላ፣ በ1988 ደግሞ ሁለቱ ትላልቆቹና ከሚዙሪ የወጣ አንድ ቡድን ተዋህደው ዛሬ ዋና ቢሮዋ ቺካጎ የሆነችውን የወንጌላዊት ሉተራን ቤተ ክርስቲያን በአሜሪካን መሠረቱ። ሚዙሪ አልገባም። ስትመሠረት ከ5 ሚሊዮን በላይ አባላት ነበሯት፤ አሁን ከ3 ሚሊዮን በታች ናት። የእኛዋ መካነ ኢየሱስ በ1959 ስትቋቋም ትንሽ ነበረች፤ አሜሪካኖቹም በወሎ በኩል ሚስዮን ነበራቸው። ዛሬ መካነ ኢየሱስ ከ10 ሚሊዮን በላይ አባላት እንዳሏት ትገልጻለች። አሜሪካዊቷ ቤተ ክርስቲያን በ2009 በተመሳሳይ ጾታ ግንኙነት ውስጥ ያሉ ሰዎች እንዲያገለግሉ ከፈቀደች በኋላ፣ መካነ ኢየሱስ በ2013 ግንኙነቱን አቋረጠች። እዚህ አገር ያሉ የእኛ ሰዎች ግን ብዙዎቹ እሁድ ከሰዓት የሚያመልኩት ጀርመኖችና ኖርዌዮች በሠሩት አዳራሽ ውስጥ ነው። አንዳንዱ ሕንጻ ውስጥ የጠዋቶቹ ባለቤቶች ሠላሳ አርባ ሽማግሌዎች ናቸው፤ ከሰዓት የእኛ ሰው ወንበር አጥቶ ይቆማል።

ስለዚህ ለዛሬዎቹ የቤተ ክርስቲያን ሽማግሌዎች አንድ ጥያቄ አለኝ። አማርኛውን ተዉ አላልኩም፤ አጥብቃችሁ ያዙ። ግን እዚህ ተወልዶ ወይም አድጎ፣ የእናንተን እምነት ለእኩዮቹ በእንግሊዝኛ እንዲያስተምር ሴሚናሪ የላካችሁት ልጅ ማን ነው? ክፍያውንስ ማን ይችልለታል? ስም ያላችሁ አሁን ንገሩኝ፤ ስም የሌላችሁ ከሻይ በኋላ ቆዩና በዚሁ ላይ እንነጋገር።